ሳቁን ቁረጪው

ኅዳር 8

ቀኑን ሙሉ የሠርግ ቪዲዮ ስቆርጥ ዋልሁ። ሙሽራዋ ኬክ ትጎርሳለች፣ እኔ መልሼ አስጎርሳታለሁ። እስኪመሽ ድረስ ኬኩ እኔንም አንገሸገሸኝ።

ከሰዓት የሙሽራው እናት መጡ። ደንባችን ነው፤ ቤተሰብ ሳያይ አይታተምም። አጠገቤ ቁጭ አሉና… «ይችን ስበላ ያለችውን አውጪልኝ።» አወጣሁ። «ይችንም።» አወጣሁ። «ኧረ ሁሉም ቦታ ላይ እየበላሁ ነው እንዴ?» ምን ልበላቸው? ሠርጉን ሙሉ ሲበሉ ነው የዋሉት። በመጨረሻ ከድንኳኑ ጥግ ሲያጨበጭቡ አገኘኋቸውና እሷን ደጋግሜ አስገባሁ። መርቀውኝ ሄዱ።

ይሄነው፣ ያው የስቱዲዮው ባለቤትና የእርግብ ወዳጅ፣ መጨረሻው ላይ እርግቦች ይብረሩ አለ። በረሩ።

ሳምንት ጾም ይገባል። እስከ ገና ሠርግ የለም። እንጅባራ ላይ ከእኔ የባሰ ሥራ ፈት አይኖርም። እትዬ እመቤት ደውለው ነበር። «ዳንግላ ነይ፣ ሥራ አለኝ» ብለው ዘጉት። አክስቴ እንዲህ ናቸው። ከማስተማር ጡረታ ወጥተዋል፣ ከማዘዝ ግን ገና ናቸው።

ኅዳር 14

ዳንግላ ደርሼ መጣሁ። ከመናኸሪያው በጋሪ። ባለጋሪው መንገዱን ሙሉ ፈረሱን ሲሰድበው ነበር፣ ፈረሱም የለመደው ይመስላል።

ነገሩ እንዲህ ነው። እትዬ እመቤት የዛሬ ሦስት ዓመት ያሳተሟት መጽሐፍ አለች። ሰው ሰውን ስለሚንቅበት ነገር ያሰቡትን የጻፉባት። የባህል ቢሮ ሰዎች ከእሷ ላይ አጭር ፊልም ይሠራልን፣ በፈረሰኞች በዓል ዋዜማ አዳራሽ ውስጥ እናሳየው ብለዋቸዋል። እሳቸውም የእህቴ ልጅ የምሥራች ከሠራችው እሺ ብለዋል። «በዝምድና እንዳይመስልሽ» አሉኝ። «ሌላ ካሜራ ያለው ሰው ስለማላውቅ ነው።»

«ታሪኩ ምንድን ነው?» አልሁ።

«ታሪክ የለውም።»

«ተዋናይስ?»

«የለም።»

«ታዲያ ሰው ምን ያያል?»

«ሐሳብ።»

ሐሳብ በየትኛው ሌንስ ነው የሚነሣው? ሙሽራ የሌለበት፣ ኬክ የሌለበት፣ ማንም የማያለቅስበት ፊልም… እትዬ በድምፃቸው ያነባሉ፣ እኔ ከሥር የሚሄድ ሥዕል እፈልጋለሁ። ያ ነው ሥራው። ዋሽንት ካስገባሽ ስሜን አውጪልኝም ብለዋል።

የመረጡት ምዕራፍ ስለ ኮርቻ ነው። ቁጭ አድርገው አነበቡልኝ። «በበዓሉ ቀን ፈረሱን ሁሉም ያየዋል። የጋላቢውን ስም ሁሉም ያውቀዋል። ፈረሱም ስም አለው። አንድ ኮርቻ ሰፊ ግን አውቅ ነበር፣ በሰፋው ኮርቻ ላይ አገር ሲጨፍር እሱ ከአጥር ውጭ ቆሞ የሚያይ።»

«አንድ ኮርቻ ሰፊ» ማን እንደሆነ አውቃለሁ። አባባ ውዱ ነው፤ የእሳቸውና የእማዬ አባት። እኔ አልደረስሁበትም። ቆዳ ይፍቅ ነበር፣ ኮርቻ ይሰፋ ነበር፣ ሰውም ለዚያ ሙያ ያለውን ስም ሁሉ ይጠራው ነበር። እማዬ ለጎረቤት ነጋዴ ነበር ትላለች። እትዬ ደግሞ በመጽሐፍ «አንድ» አሉት።

«እትዬ፣ ለምን አባቴ አላሉም?»

መነጽራቸውን ጠረጉ። «እንደዚህ ሲሆን ነው የሚያምረው» አሉ።

እውነት ለማማር ነው?

ኅዳር 17

ፍቅረኛዬ አሸናፊ ደወለ!! አባቱ እሺ አሉ። ከገና በኋላ ሽማግሌ ይልካሉ። ስልኩን ይዤ ስቱዲዮው ውስጥ ዘለልሁ፣ ይሄነው ትሪፖዱን ነው ያተረፈው።

ለእማዬ ስነግራት እልል አለች። ከዚያ እልልታው መሀል ላይ ቆመ። «ሰባት ቤት ይቆጥራሉ» አለች።

ይቆጥራሉ፤ ያለ ነው። ሁለቱ ዘመዳሞች እንዳይሆኑ በሁለቱም ወገን ወደ ላይ ሰባት ቤት ይቆጠራል። ማን ወለደው፣ ከየት ነው… ሲቆጠር ግን ዝምድና ብቻ አይቆጠርም። ምን ነበር ሥራው ይባላል።

«ነጋዴ ነበር ነው የምንለው» አለች እማዬ።

«የምን ነጋዴ?»

አሰበች። «የጨው።»

ዛሬ ማታ አያቴ ጨው መነገድ ጀመረ።

አሸናፊ አያውቅም። ሁለት ዓመት ሙሉ ደበቅሁት ማለት ነው? አይ… አልጠየቀኝም። ወይስ እንዳይጠይቀኝ አድርጌ ነው የኖርሁት? እንጃ። ደስታዬን አታበላሹብኝ።

ታኅሣሥ 3

የገበያ ኮርቻ ቀረጽሁ። ሁሉም አዲስ፣ ሁሉም ፕላስቲክ፣ ሁሉም ያብለጨልጫል። እትዬ በስልክ አይተው «ይሄ ሶፋ ነው» አሉ።

አሮጌ ኮርቻ ያስፈልገኛል። በእጅ የተሰፋ።

ታኅሣሥ 5

አሸናፊ «የአባቴን የሚያህል ኮርቻ አዊ ውስጥ የለም፣ እሱን ቅረጪ» አለ። አንተ፣ የሽምግልናው ደንብስ? «ማንነትሽን ማን ይነግራቸዋል?» አለ። የፊዚክስ አስተማሪ ተንኮል አያንሰውም።

ታኅሣሥ 9

ደንቡ ግልጽ ነው። ሽማግሌ ሳይሄድ፣ እሺ ሳይባል፣ ልጅት የልጁን ወላጆች ደጃፍ አትረግጥም። ስለዚህ ዛሬ የሄድሁት እኔ አይደለሁም። የሄደችው ከእንጅባራ የመጣች የካሜራ ባለሙያ ናት። አሸናፊ እንዲህ ብሎ አስተዋወቀኝና ክፍለ ጊዜ አለብኝ ብሎ ሸሸ። ስሜን እንኳ አልጠየቁኝም፤ «ካሜራዋ» ሆኜ ዋልሁ።

የአሸናፊ አባት፣ አቶ ዓለምነው፣ ደስ ሲሉ! ረጅም ናቸው፣ ጢማቸው ነጭ። ከፈረሳቸው ጋር በአዊኛ ያወራሉ፣ ከእኔ ጋር በአማርኛ፣ ከውሻው ጋር በሁለቱም። ኮርቻውን ከቤት አውጥተው ግቢው ውስጥ ካለው ዋንዛ ሥር ግንድ ላይ አስቀመጡልኝ። ቆዳው ጠቁሯል። ስፌቱ ግን አንድ ቦታ እንኳ አልላላም። በጅማት ተሰፍቶ፣ ጠርዙን እየተከተለ ቀጭን ጥልፍ የሚዞረው… ብዙ ነገር ቀርጫለሁ፣ እንደዚህ ዓይነት ግን አላየሁም።

«ማን ሰፋው?» አልሁ። ለሥራዬ ነው የጠየቅሁት፣ እውነቴን ነው።

«ውዱ የሚባል ሰውዬ ነው» አሉ። «ለአባቴ ነው የሰፋለት፣ አባቴ ለእኔ አወረሰኝ። እንደሱ ያለ እጅ ከዚያ ወዲህ አልመጣም።»

ካሜራው እየሠራ ነው። ትሪፖድ ባይኖር ኖሮ ዛሬ የቀረጽሁት በሙሉ የመሬት መንቀጥቀጥ ይመስል ነበር።

«እዚሁ ዛፍ ሥር ነው የሰፋው። ከሳምንት በላይ ቆይቷል። ምሳውን እናቴ በኮባ ቅጠል ታወጣለት ነበር።»

«ለምን በኮባ?»

«ሳህን ታጥቦ ይመለሳል፤ ኮባ ይጣላል» አሉ። ሌላ ማብራሪያ አልጨመሩም። የሚያስፈልገው አልመሰላቸውም።

ከዚያ ገና ከመናገራቸው በፊት ሳቅ ያዛቸው። «አንድ ቀን ታዲያ… አንድ ቀን የሐምሌ ዝናብ መጣ። እኛ ቤት ገባን። እኔ ጎረምሳ ነኝ፣ በመስኮት አየዋለሁ። ይሄ ሰውዬ ጋቢውን አወለቀ። አጥፎ… ኮርቻውን አለበሰው! ኮርቻው ጋቢ ለብሶ እንደ ጌታ ተቀምጧል፣ እሱ ዝናቡ ላይ ቆሟል! እስኪያባራ እንዲያው ቆመ። ውሃው በአፍንጫው ይወርዳል…» ሳቁ። ሳቁ። እንባቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉ፣ ደግመው ሳቁ።

«ለምን ቤት አልገባም?» አልሁ።

ሳቃቸው ፊታቸው ላይ እንዳለ አዩኝ። «እንዴት ይገባል፣ ልጄ?»

የምራቸውን ነው። የጠየቅሁት ነገር ግራ ገብቷቸዋል። ክፋት ፈልጌ አጣሁባቸው፣ እሱ ነው ያናደደኝ። ክፉ ቢሆኑ ኖሮ ምን ነበረበት፣ ጠልቻቸው እገላገል ነበር።

ከዚያ ምሳ ቀረበ። ድንች ወጥ፣ ተልባ። «ቀርበሽ ብዪ እንጂ» ብለው ወደ ትሪያቸው ሳቡኝ። አጎረሱኝ። አንድ ጉርሻ ያጣላል ብለው ደገሙኝ። የውዱን የልጅ ልጅ በገዛ እጃቸው ሲያጎርሱ ዋሉ።

ድንቹ ይጣፍጣል። እሳቸውንም ወደድኋቸው። ምን ይሻለኛል?

ታኅሣሥ 10

ኮምፒውተሩን አልከፈትሁም። ለይሄነው ራሴን አመመኝ አልሁት። አመመኝ እኮ።

ታኅሣሥ 14

እትዬን ላሳያቸው ዳንግላ ወረድሁ። ቆመው ነው ያዩት፤ ተቀመጡ ብላቸው እንቢ አሉ። ሲያልቅ «መልሽው» አሉ። መለስሁት። ዝናቡ ላይ ሲደርስ ስክሪኑን በጣታቸው ሊነኩት ምንም አልቀራቸው።

«ዝናቡን አላውቅም ነበር» አሉ።

ከዚያ ተቀመጡ። «በስብሶ የመጣበትን ቀን አስታውሳለሁ። ወንዝ ስሻገር ወደቅሁ ነበር ያለን። ለብዙ ጊዜ አሳለው። እኔና እናትሽ እኮ ያንን ወንዝ ስንራገም ነው ያደግነው።»

በኋላ ለንባብ የተዘጋጀውን ወረቀት አወጡና «አንድ ኮርቻ ሰፊ» የሚለውን ሰርዘው «አባቴ» ብለው ጻፉ። እስከ መጨረሻው ገጽ ድረስ፣ ባገኙበት ሁሉ። ሲጨርሱ እኔ የጻፍሁትን የፊልም ዕቅድ አነሱና ሥርዓተ ነጥብ አረሙልኝ።

ታኅሣሥ 20

ለአሸናፊ ነገርሁት። ዳንግላ፣ ሻይ ቤት።

«አያቴ ኮርቻ ሰፊ ነበር።»

«ጥሩ ሙያ ነው» አለ ሻዩን እያማሰለ።

«የአባትህን ኮርቻ የሰፋው።»

ማንኪያው ቆመ። የቀረጽሁትን በስልኬ አሳየሁት። ጆሮ ማዳመጫውን አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠው።

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«መች ጠየቅኸኝ?»

«ሰው ፍቅረኛውን አያትሽ ቆዳ ይፍቅ ነበር ወይ ብሎ ይጠይቃል?»

«የአባትህ ሽማግሌዎች ይጠይቃሉ።»

ሁለታችንም ሳቅን። ጥሩ ሳቅ ነበር፣ ግን አልቆየም። «ለእኔ ምንም አይደለም፣ እመብርሃንን» አለ። «ግን አባቴ ያለበትን ቁረጪው። አገር አዳራሽ ውስጥ ሲስቁ እንዲያያቸው አልፈልግም። ለሽማግሌዎቹም ነጋዴ በሉ። ቀስ ብለን ከሠርጉ በኋላ እንነግራቸዋለን።»

«ከሠርጉ በኋላ መቼ?»

«እንጃ… ልጅ ሲወለድ።»

«ስሙን ማን እንበለው? ጨው?»

አልሳቀም። ሻዩን ትቶት ወጣ።

መቁረጥ ሥራዬ ነው። ስንት የተኳረፈ አጎት ከስንት ሠርግ ላይ አጥፍቻለሁ፣ እንዳልነበረ ሆኖ። ይሄንንም ብቆርጠው ፊልሙ ቆንጆ ነው፤ ኮርቻ፣ ፈረስ፣ የእትዬ ድምፅ። ያጨበጭባሉ። እኔም አገባለሁ። ባልቆርጠውስ? አማቴ በአገር ፊት ይሸማቀቃሉ፣ እኔም አላገባም። ብቆርጠው ግን አባባ ውዱ እንደገና ወንዝ ውስጥ ሊወድቅ ነው… አልቆርጠውም እያልሁ ነው? ገና አላልሁም። አሸናፊን እወደዋለሁ። ይሄንንም ልጻፈው፣ እየተናደድሁም እወደዋለሁ።

ታኅሣሥ 29፣ ገና

እትዬ መጡ። ከምሳ በኋላ ለእማዬ አሳየናት። አየች። ምንም ሳትል ወጥታ ዶሮዎቹን አስገባች፣ ገና በጠራራ ፀሐይ። ስትመለስ በር ላይ ቆማ «ጋቢውን ያሰጣሁት እኔ ነበርሁ» አለች። «እንዴት ከወንዝ የወጣ ጋቢ ጭቃ አልነካውም ብዬ ነበር ያን ቀን። ልጅ ነኝ፣ ማንን ልጠይቅ?»

አባዬ «ገና ነው፣ አታልቅሱ» አለ። እሱ ራሱ እያለቀሰ።

ጥር 7

እሑድ። ሽማግሌዎቹ መጡ። ሦስት ጋቢ፣ ሦስት ከዘራ።

የልጅት ቦታ ጓዳ ነው። ስንት ሽምግልና ቀርጫለሁ፣ ካሜራ ያልያዝሁበት የመጀመሪያው የራሴ ሆነ። በመጋረጃው ጥግ አያለሁ። ማዕዘኑ መጥፎ፣ ድምፁ ጥሩ።

የአሸናፊን ወገን ቆጠሩ። የአባዬን ወገን ቆጠሩ። እስከ ሰባት ቤት ዝምድና የለም፣ ተመስገን። ወደ እማዬ ዞሩ።

«የወይዘሮዋ አባትስ?»

«ውዱ» አለ አባዬ።

«ሥራቸው ምን ነበር?»

አባዬ ጉሮሮውን ጠረገ። «ነጋ…»

«ኮርቻ ሰፊ ነበር» አለች እማዬ።

ጠላ ልትቀዳ ማሰሮ ይዛ ቆማለች። ማንም አልጠየቃትም። «ቆዳ ይፍቃል፣ ኮርቻ ይሰፋል። አቶ ዓለምነው ያውቁታል። የሚቀመጡበት የእሱ ሥራ ነው።»

እኔ ጓዳ ውስጥ መጋረጃውን ነክሼ ቆሜያለሁ። አንደኛው ሽማግሌ ዋንጫው ላይ መዳፉን ከደነ፣ ጠላ አይቀዳልኝ ማለቱ ነው። ሁለተኛው መሬት አየ። ሦስተኛው፣ ትልቁ፣ አስቀድቶ ጠጣ። ቀስ ብሎ፣ እስከ አተላው። ከዚያ «ተመካክረን እንመለሳለን» ብለው ተነሱ። እንደ ደንቡ ይህንን ቃል የሚለው የሴቷ ወገን ነበር።

ሲወጡ እማዬ መደቡ ላይ ተዘረጋች።

«ጨውስ?» አልኋት።

«ጨው መነገድ ደከመኝ።»

እናቴን እንደዛሬ ወድጃት አላውቅም።

ጥር 11

ጥምቀት። አሸናፊን ከሩቅ አየሁት። አየኝ። ሁለታችንም ታቦቱን ተከተልን፣ እሱ በዚያ፣ እኔ በዚህ።

ጥር 16

ከሽማግሌዎቹ ወሬ የለም። ፊልሙ የፊታችን ሰኞ ይታያል። እኔ ደግሞ ደንቤን አፍርሼ አላውቅም፤ ቤተሰብ ሳያይ አይታተምም። አማች ሆኑ አልሆኑ የተቀረጹት እሳቸው ናቸው። ላፕቶፔን ይዤ ሄድሁ።

በሩን የከፈቱት ራሳቸው ናቸው። አሁን ማን እንደሆንሁ ያውቃሉ። ረጅም ጊዜ አዩኝ። ግቢም አላሉም፣ ሂጂም አላሉም። ዋንዛው ሥር ግንዱ ላይ ከፈትሁላቸው።

አዩት። ዝናቡ መጣ፣ ሳቃቸው መጣ። ስክሪኑ ላይ ያሉት አቶ ዓለምነው ሲስቁ፣ እዚህ ያሉት አፋቸውን ገጥመው ያያሉ።

«ሳቄ ረዘመ» አሉ።

«አዎ።»

«ሳቁን ቁረጪው። ሌላውን ተይው፣ የሆነ ነገር ነው። ሳቁን ብቻ።»

ከልቤ አሳዘኑኝ። የሙሽራው እናት ስበላ ያለውን አውጪ ሲሉኝ ያለ አንድ ቃል አውጥቻለሁ። ይሄ ከዚያ በምን ይለያል? ብቆርጠው ሰውዬው ያዘነ ይመስላል። አላዘነም ነበር።

«አልቆርጠውም፣ አባቴ» አልኋቸው። «እንዲያዩት ነው የመጣሁት። እንዳይደነግጡ።»

«እኔን ለማዋረድ ነው?»

«አይደለም። እርስዎ ደግ ሰው ነዎት። ደግ ሰው እንዲህ ሲስቅ ሰው እንዲያይ ነው።»

ተነስተው ወደ ፈረሱ ሄዱ። በአዊኛ የሆነ ነገር ነገሩት። አጥሩ ጋ እስክደርስ አልዞሩም።

ጥር 22

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ነገ በዓሉ ስለሆነ ከየወረዳው ፈረሰኛ ገብቷል። እሳቸው አልመጡም። ጉንፋን ይዟቸዋል ተባለ።

ያ ቦታ ሲደርስ… ምን ሆነ መሰለሽ የምሥራች? አዳራሹ ሳቀ! ሁሉም። ኮርቻው ጋቢ ሲለብስ ፈረሰኞቹ ጉልበታቸውን መቱ። ከፊት ረድፍ ያሉት ትልልቅ ሰዎች፣ ልጆቹ፣ ይሄነው እንኳ ከማጫወቻው ኋላ። አቶ ዓለምነው ሲያወሩ ለዛ አላቸው፣ ምን ይደረግ። የቀረጽሁት እኔ ባልሆን ኖሮ እኔም እስቅ ነበር ይሆናል።

ከዚያ «እንዴት ይገባል፣ ልጄ?» አሉ። ከዚያ የእትዬ ድምፅ ገባ። «ያ ሰው አባቴ ነው። ወንዝ ውስጥ ወደቅሁ ነበር ያለን።»

ሳቁ ቆመ። ግማሹ ሰው አፉ እንደተከፈተ ነው የቀረው። ዋሽንት የለም፣ እርግብም የለም። መብራቱ ሲበራ ትንሽ ሰው አጨበጨበ፣ ብዙው ዝም ብሎ ወጣ። አንድ ፈረሰኛ ወደ እማዬ መጥቶ እጅ ነሳት። ሌላው እንዳላየ አልፏት ሄደ።

ጥር 25

አሸናፊ ስቱዲዮ መጣ። ያን ምሽት ከኋላ ቆሞ አይቶታል፤ አላየሁትም። «እኔም ሳቅሁ» አለ። «እያወቅሁ ሳቅሁ። ነጋዴ በሉ ያልሁት ነገር ካንገቴ አልወርድ ብሎኛል። አፍሬያለሁ።»

«እፈር» አልሁት። ከዚያ ቁርስ በልተሃል ወይ ብዬ ጠየቅሁት። አልበላም። ወጥተን በላን። ታረቅን ይባላል እንግዲህ።

ጥር 29

ትናንት ሽማግሌዎቹ ተመለሱ። ያ ጠላ የከደነው ቀርቷል፣ ሁለቱ ናቸው። ልጅቷን እንፈልጋለን አሉ። አንድ ነገር ብቻ፣ ያ ፊልም ከእንግዲህ አይታይ።

ፊልሙን ጫግኒ ጠይቀውናል። ለየካቲት። አባዬ እማዬን አየ፣ እማዬ መጋረጃውን አየች። እኔ ከመጋረጃው ኋላ ጭንቅላቴን ነቀነቅሁ፤ እንዴት እንዳየችው እንጃ።

«ልጃችሁን ወደነዋል» አለች። «ፊልሙ ግን የአባቴ ነው። ጫግኒ ይሄዳል።»

ትልቁ ሽማግሌ ከዘራቸውን ያዙ። «ይሄንኑ እንነግራቸዋለን» አሉ። ማታ አልቅሼ ተኛሁ። ጠዋት ልነሳ ስል ደግሞ ራበኝ።

የካቲት 10

ሠርጉ ከፋሲካ በኋላ ነው። ሽማግሌዎቹ ሊጨርሱ እሑድ ይመጣሉ፣ ያለ ምንም «አንድ ነገር ብቻ»። ይሄን ቀድሜ ልጻፈው፤ አሁን የትናንቱን ጫግኒ።

ሙቀቱ! ከእንጅባራ ሹራብ ለብሼ ወርጄ ላብ በላብ ሆንሁ። አሸናፊ ድምፅ ማጉያውን በባጃጅ አቅፎ አመጣው። የትምህርት ቤት አዳራሽ ነው፤ እትዬ የክፍል ጠረን ሲሸታቸው አስር ዓመት ወደ ኋላ ተመለሱ፣ ከኋላ የሚያወሩትን ዝም አሰኙ። እዚህም ሳቁ። እዚህም ዝም አሉ። ለምጄዋለሁ ብዬ ነበር፣ አልለመድሁትም።

ካለቀ በኋላ ሰው መጠየቅ ጀመረ። እትዬ ማይክ ይዘው ይመልሳሉ። አንዲት ልጅ፣ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ትመስላለች፣ ተነሳች። «ያ የሚስቀው ሽማግሌ በሕይወት አለ? አሁን ቢጠየቅ ምን ይላል?»

እትዬ አሸናፊን አዩት። አሸናፊ ጫማውን አየ። ተቆጣሁ ልበል፣ ደነገጥሁ? እትዬ «እሱን እኛ ልንመልስለት…» ብለው ሲጀምሩ ከመጨረሻው አግዳሚ ወንበር ሰው ተነሳ። ጋቢ በዚያ ሙቀት። እንዴት እንደመጡ፣ በምን እንደመጡ፣ መቼ እንደገቡ ማናችንም አናውቅም። ሰው መሀል እየተሻገሩ ቀስ ብለው መጡና ለማይኩ እጃቸውን ዘረጉ። እትዬ ትንሽ ቆይተው ሰጧቸው። እትዬና የአባታቸውን ኮርቻ የወረሱት አቶ ዓለምነው ፊት ለፊት ሲቆሙ የመጀመሪያቸው ነበር።

ጫግኒ ላይ ማንም አያውቃቸውም። ያለ ኮርቻቸውና ያለ ፈረሳቸው፣ ከኋላ ጥግ ላይ፣ ማንም ከፊልሙ ጋር አያገናኛቸውም ነበር። ዝም ብለው ተነስተው ቢሄዱ ያበቃ ነበር።

«የሳቅሁት እኔ ነኝ» አሉ።

ማይኩ አቃጨለ። አሸናፊ ሊያስተካክለው ተንቀሳቀሰ፣ በእጃቸው ከለከሉት። ሌላ ነገር የሚጨምሩ መስሎን ሁላችንም ጠበቅን። ልጅቷም እንደቆመች ናት።

አልጨመሩም። ማይኩን ለእትዬ መልሰው፣ ከፊት ረድፍ እማዬ አጠገብ ባዶ የነበረው ቦታ ላይ ተቀመጡ። ካሜራዬ ቦርሳው ውስጥ ነበር። ላወጣው አላሰብሁም።